ስለ ኦድሪ ሄፕበርን ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ጥቁር ቀሚስ፣ የዕንቁ ሐብል፣ ከፍ ተደርጎ የተጠቀለለ ጸጉር። ይህን ፎቶ የማያውቅ ሰው ማግኘት ይከብዳል። ውበት ሳሎን ግድግዳ ላይ አለ፣ ቦርሳ ላይ አለ፣ የስልክ ሽፋን ላይ አለ። የሴትየዋን ታሪክ የሚያውቀው ግን ጥቂት ሰው ነው። መቀሌ ድረስ መጥታ እንደነበር የሚያውቀውማ ከዚያም ያነሰ ነው። ስለ እሷ ወሬ በተነሳ ቁጥር የሚመጡትን ጥያቄዎች እዚህ ሰብስቤያቸዋለሁ። አንዳንዱ በሁለት መስመር ያልቃል፤ አንዳንዱ ላይ ግን ቆም ማለት ግድ ነው። ዓመቶቹ እንደ ፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። የእኛን ስጠቅስ "ዓ.ም." እላለሁ።

የየት አገር ሰው ናት? አሜሪካዊት አይደለችም እንዴ?

አይደለችም። ሜይ 4 ቀን 1929 ቤልጂየም፣ ብራስልስ ውስጥ ተወለደች። እናቷ ኤላ ቫን ሄምስትራ የኔዘርላንድስ ባላባት ልጅ ናት፤ ባሮነስ የሚል ማዕረግ ነበራት። የእናቷ አባት የአርንሄም ከተማ ከንቲባ፣ ቀጥሎም የሱሪናም አገረ ገዥ ሆኖ ሠርቷል። አባቷ ጆሴፍ ረስተን ደግሞ ቦሄሚያ የተወለደ፣ የእንግሊዝ ዜግነት ያለው ሰው ነው። ልጅቷ በዚህ ሁሉ መሀል አደገች። ደችና እንግሊዝኛ ከቤት ያገኘቻቸው ናቸው። ፈረንሳይኛ፣ ጣሊያንኛ፣ ስፓኒሽና ጀርመንኛም ትናገር ነበር። ፊልም ላይ ስትሰሟት እንግሊዝኛዋ የለንደን ነው የኒውዮርክ ብሎ መለየት የሚቸግረው ለዚህ ነው። ሆሊውድ ትልቅ ስም ሰጣት እንጂ ኑሮዋን አውሮፓ ነው ያደረገችው፤ መጀመሪያ ስዊዘርላንድ፣ ከዚያ ሮም፣ ከዚያ ተመልሳ ስዊዘርላንድ።

ከካትሪን ሄፕበርን ጋር ይዛመዳሉ?

አይዛመዱም። የልደት ስሟ ኦድሪ ካትሊን ረስተን ነው። "ሄፕበርን" የሚለውን አባቷ ነው በኋላ ስሙ ላይ የጨመረው፤ ዘሬ ከስኮትላንዳዊው መኳንንት ከጄምስ ሄፕበርን ይመዘዛል ብሎ ያምን ነበር። ካትሪን አሜሪካዊት ናት፣ በዕድሜም 22 ዓመት ትበልጣታለች። ሁለቱን ማምታታት የዛሬ ነገር አይደለም፤ ፓሪስ ላይ አንድ ትልቅ የልብስ ዲዛይነር ሳይቀር ተምታቶበታል። ወደ ታች እመለስበታለሁ።

በጦርነቱ ጊዜ ምን ደረሰባት?

ይህን ጥያቄ ከሁሉም አስበልጠዋለሁ። ቅጥነቷም፣ ተዋናይ መሆኗም፣ ኢትዮጵያ መምጣቷም የሚጀምረው ከዚህ ነው።

ስድስት ዓመቷ ላይ አባቷ ቤቱን ጥሎ ሄደ። ይህ ቁስል ዕድሜ ልኳን አልሻረላትም። ሌላም ነገር አለ። ወላጆቿ በ1930ዎቹ አጋማሽ የእንግሊዝ ፋሺስቶች ደጋፊ ነበሩ። ይህን መሸፋፈን አያስፈልግም፤ እናቷ ፋሺስቶቹን የሚያወድስ ጽሑፍ በራሷ ስም አውጥታለች። አባትየው በዚያው ጸና፣ ጦርነቱንም እንግሊዝ አገር ታስሮ አሳለፈው። እናትየው ግን ጀርመኖች የገዛ ቤተሰቧን መግደል ሲጀምሩ ልቧ ተመለሰ።

ሴፕቴምበር 1939 እንግሊዝ ጦርነት ስታውጅ ኦድሪ እዚያው እንግሊዝ፣ ኬንት ውስጥ ትማር ነበር። እናቷ ኔዘርላንድስ እንደ አንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ገለልተኛ ሆና ትቀራለች ብላ ልጇን ወደ አርንሄም ወሰደቻት። ከድጡ ወደ ማጡ ሆነ። ሜይ 1940 ጀርመኖች ገቡ። "ኦድሪ" የሚለው ስም እንግሊዛዊነቷን ስለሚያሳብቅ ኤዳ ቫን ሄምስትራ ተብላ ትጠራ ጀመር። በ1942 የአክስቷ ባል ከሌሎች አራት ሰዎች ጋር በጥይት ተደብድቦ ተገደለ። ሰዎቹ ያጠፉት ነገር የለም። አርበኞች ላደረሱት ጥቃት መበቀያ ሆኑ። በእናት ከሚገናኟት ሁለት ወንድሞቿ አንዱ ለጉልበት ሥራ በርሊን ተጋዘ፣ ሌላው ተደብቆ ተረፈ።

እሷ በዚያ ሁሉ መሀል ባሌት ትማር ነበር። መስኮቱ በተጋረደ ሳሎን ውስጥ በድብቅ ትደንሳለች፤ የሚዋጣው ገንዘብ ለአርበኞች ይሄዳል። ዳንሱ ሲያልቅ የሚያጨበጭብ የለም። ጭብጨባ ውጭ ከተሰማ ጀርመኖች ይመጣሉ። ያን የመሰለ ተመልካች ከዚያ ወዲህ አላገኘሁም ትል ነበር።

ከዚያ የ1944 መጨረሻ መጣ። የእንግሊዝ ፓራሹተኞች አርንሄም ላይ ወርደው ተሸነፉ። የደች ባቡር ሠራተኞች አድማ መቱ፤ ጀርመኖች በአጸፋው ምግብ እንዳይንቀሳቀስ ዘጉ። ብርዱም ከረረ። ደቾች ያን ወቅት "የረሃቡ ክረምት" ይሉታል። ወደ 20,000 የሚጠጋ ሰው አልቋል። ኦድሪ ያኔ ከእናቷና ከአያቷ ጋር አርንሄም አጠገብ ባለችው በፌልፕ ነበረች። ሰው የቱሊፕ አበባ ሥር ፈጭቶ ቂጣ ይጋግር ነበር። እሷም በላች። የደም ማነስ ያዛት፣ እግሯ አበጠ። ነፃ የወጡት 16ኛ ዓመቷን ልትይዝ ሳምንታት ሲቀሯት ነው። የተባበሩት መንግሥታት ዕርዳታ ሲደርስ አጃ ገንፎዋ ላይ ስኳር ከልክ በላይ ጨምራ በላች። የከረመ ረሃብ ላይ ያ ሁሉ ጣፋጭ አልተቻለም፣ ታመመች። ያን ታሪክ እስከ እርጅናዋ ድረስ ትናገረው ነበር።

ቀጭን የሆነችው በዳይት ነው?

አይደለም። ልጆቿ ደጋግመው እንደተናገሩት ፓስታ በቲማቲም ስጎ ነፍሷ ነበር። ሰውነቷ መገንባት በነበረበት ዕድሜ ምግብ አጣ፤ ነገሩ ይኸው ነው። ያን ወገብ ለማግኘት ብለው ምግብ የሚተዉ ወጣት ሴቶች እንዳሉ ስሰማ ያመኛል። እሷ ራሷ ያን ሰውነት በፈቃዷ አልመረጠችውም።

ባሌሪና ለመሆን ተምራ እንዴት ተዋናይ ሆነች?

ባሌሪና መሆን ስላልቻለች። በ1948 ለንደን መጥታ የማሪ ራምበርት የባሌት ትምህርት ቤት ገባች። ራምበርት እውነቱን አልደበቀቻትም። ቁመቷ ለባሌት በዝቷል፣ 1 ሜትር ከ70 ነው። ሰውነቷም በጦርነቱ ተጎድቷል። ጥሩ ደናሽ ልትሆን ትችላለች፣ ግንባር ቀደም ባሌሪና ግን አትሆንም። ለዓመታት የተገነባ ህልም በአንድ ንግግር ፈረሰ።

ገንዘብም ያስፈልግ ነበር። የእናቷ ባላባትነት ከጦርነቱ በኋላ ዳቦ አልገዛም፤ እናትየው የሰው ቤት ተቀጥራ ትሠራ ነበር። ስለዚህ ኦድሪ በለንደን የሙዚቃ ቲያትሮች ከኋላ ተሰልፈው ከሚጨፍሩት አንዷ ሆነች። ፊልም ላይም አንድ ሁለት መስመር ማግኘት ጀመረች።

ዕድሏን የቀየረችው ፈረንሳዊቷ ደራሲ ኮሌት ናት። በ1951 ሞንቴ ካርሎ ላይ አንድ ትንሽ ፊልም ሲቀረጽ ኮሌት እዚያው ሆቴል አርፋ ነበር። "ጂጂ" የተባለው ሥራዋ በብሮድዌይ መድረክ ሊቀርብ ዋናዋን ልጅ የምትጫወት ሰው እየተፈለገች ነው። ኦድሪን አየቻት፣ የምፈልጋት ይቺ ናት አለች። በዚያው ዓመት ኖቬምበር ላይ ቲያትሩ ኒውዮርክ ተከፈተ። ከኋላ ሰልፍ ስትጨፍር የነበረችው ልጅ በአንድ ጊዜ ስሟ ከፊት ወጣ።

"ሮማን ሆሊደይ" ላይ እንዴት ተመረጠች?

እዚህ ላይ ትንሽ እንቆይ፤ ታሪኩ ያምራል።

ቦታው ለንደን አጠገብ ያለው ፒንውድ ስቱዲዮ፣ ጊዜው ሴፕቴምበር 1951 ነው። የሙከራ ቀረጻ ሊደረግላት ነው። የፊልሙ ዳይሬክተር ዊሊያም ዋይለር እዚያ አልነበረም፤ ግን አንድ ነገር አሳስቦ ነበር። ትወናው አልቋል ከተባለ በኋላም ካሜራው እንዳይቆም። ልጅቷ አልጋ ላይ ሆና የተሰጣትን ተጫወተች። "አበቃ" ተባለ። እሷም እውነት መስሏት ቀና ብላ ተቀመጠች፣ ጉልበቷን አቀፈች፣ ፈገግ ብላ እንዴት እንደነበረች መጠየቅ ጀመረች። ካሜራው ያን ሁሉ ይዞታል። ዋይለር ያን አይቶ ወሰነ።

ፊልሙ በ1952 በጋ ሮም ከተማ ውስጥ ተቀረጸ። ታሪኩ ቀላል ነው። አንዲት ልዕልት የቤተ መንግሥት ሥርዓት ሰልችቷት ሹልክ ትላለች፤ ከአንድ ጋዜጠኛ ጋር አንድ ቀን በከተማው ትዞራለች። ጋዜጠኛውን የተጫወተው ግሪጎሪ ፔክ ያኔ የታወቀ ኮከብ ነው። ውሉ ላይ ከርዕሱ በላይ የሚጻፈው የእሱ ስም ብቻ ነበር። ሥራው እየሄደ ሳለ ግን የልጅቷም ስም ከእኔ እኩል ይጻፍ፣ ኦስካር የምታሸንፈው እሷ ናት ብሎ ራሱ ጠየቀ። ስንት ታዋቂ ሰው ይህን ያደርጋል?

"የእውነት አፍ" የሚባለው የድንጋይ ፊት ጋ ያለውን ትዕይንት ልብ ብላችሁ እዩት። ውሸታም ሰው እጁን ቢያስገባ ይቆረጣል ይባላል። ፔክ ሳይነግራት እጁን እጅጌው ውስጥ ደብቆ የተቆረጠ አስመሰለ። የምትሰሙት ጩኸት የእውነት ድንጋጤ ነው። በነገራችን ላይ ያኔ የአክሱም ሐውልታችን ከዚያ ቦታ በእግር ጥቂት ደቂቃ ርቀት ላይ ቆሞ ነበር። ሞሶሎኒ በ1937 ያስጫነው፣ በ2005 ወደ አገሩ የተመለሰው ሐውልት። ሮም የምትኖሩ የአገሬ ልጆች ቦታውን አታጡትም።

ሮማን ሆሊደይ በ1953 ወጣ፣ ማርች 1954 ላይ ኦድሪ ምርጥ ተዋናይት ተብላ ኦስካር ወሰደች። ዕድሜዋ 24 ነበር። በዚያው ሳምንት "ኦንዲን" በተባለው ቲያትር ደግሞ የቶኒ ሽልማት ተሰጣት።

ከዲዛይነሩ ጂቫንሺ ጋር ምን ነበራቸው?

ወዳጅነት፣ ያውም 40 ዓመት የዘለቀ። በ1953 "ሳብሪና" ለተባለው ፊልም ልብስ ፍለጋ ፓሪስ ሄደች። ለወጣቱ ሁበርት ደ ጂቫንሺ "ሚስ ሄፕበርን እየመጣች ነው" ተብሎ ተነገረው። እሱም ካትሪን መስላው ተሰናድቶ ጠበቀ። በሩ ሲከፈት ጠባብ ሱሪ፣ ጠፍጣፋ ጫማና የገለባ ባርኔጣ ያደረገች የማያውቃት ቀጭን ልጅ ገባች። ሥራ በዝቶበት ስለነበር አዲስ ልስፋልሽ አላለም፤ ካለፈው ስብስብ ምረጪ አላት። የመረጠችው ሁሉ ልክክ አለላት።

ሳብሪና በአልባሳት ኦስካር ሲያገኝ ሽልማቱን የወሰደችው የስቱዲዮው ዲዛይነር ኢዲት ሄድ ናት፤ የጂቫንሺ ስም ጨርሶ አልተነሳም። ኦድሪ በዚህ አዝና ይቅርታ ጠየቀችው። ከዚያ በኋላ በዘመናዊ ልብስ በምትጫወትባቸው ፊልሞች እሱ እንዲያለብሳት ትጠይቅ ነበር።

ስለ "ብሬክፋስት አት ቲፋኒስ" ፊልም ይህን ያህል ለምን ይወራል?

በቀሚሱ፣ በዘፈኑና በመክፈቻው ምክንያት። ማለዳ ነው፤ ፊፍዝ አቬኑ ባዶ ነው። ታክሲ ይቆማል። የማታ ልብስ የለበሰች ሴት ወርዳ የጌጣጌጥ መደብር መስኮት ፊት ቆማ ከወረቀት ከረጢት ያወጣችውን ቁርስ ትበላለች። ንግግር የለም። ይህ በ1960 ሲቀረጽ የበኩር ልጇ ሾን ገና የጥቂት ወራት ሕፃን ነበር።

"ሙን ሪቨር"ን በገዛ ድምፅዋ ነው የዘፈነችው። ሄንሪ ማንቺኒ ዜማውን የሠራው የድምፅዋን ልክ አጥንቶ ነው፤ ብዙ ከፍና ዝቅ የማይል፣ ማንም ሊያንጎራጉረው የሚችል። ኦስካር አግኝቷል። ለፊልሙ ከተሰፉት ጥቁር ቀሚሶች አንዱ በ2006 ለንደን ላይ በጨረታ 467,200 ፓውንድ ተሽጧል፤ ገንዘቡም ሕንድ ውስጥ ለድሆች ለሚሠራ የበጎ አድራጎት ድርጅት ሄደ።

አንድ ነገር ግን ሳልናገር አላልፍም። በፊልሙ ውስጥ ጃፓናዊውን ጎረቤት የሚጫወተው ነጩ ሚኪ ሩኒ ነው። ሰው ሠራሽ ጥርስ ተክሎ፣ አነጋገር አበላሽቶ፣ በአንድ ሕዝብ ላይ ያሾፋል። ያኔ ያስቅ ነበር ይባላል። ዛሬ ለማየት ይቀፋል። ፊልሙን የሚወድ ሰው ይህንንም አብሮ መናገር አለበት ብዬ አምናለሁ።

"ማይ ፌር ሌዲ" ላይ የምትዘፍነው እሷ አይደለችም ይባላል፤ እውነት ነው?

በአብዛኛው እውነት ነው። ታሪኩ ፊልም ከመሆኑ በፊት ዋናዋን ገጸ ባሕርይ በመድረክ ላይ ያስወደደችው ጁሊ አንድሩስ ነበረች። የስቱዲዮው ባለቤት ጃክ ዋርነር ግን በፊልም የታወቀ ስም ፈለገና 1 ሚሊዮን ዶላር ከፍሎ ኦድሪን አመጣ። ኦድሪ ለወራት የድምፅ ልምምድ አደረገች፣ ዘፈኖቹንም ቀረጸች። በኋላ የአብዛኞቹ ድምፅ በማርኒ ኒክሰን እንደሚተካ ተነገራት። ከቀረጻው ቦታ ወጥታ ሄደች። በማግስቱ ተመልሳ ሁሉንም ሰው ይቅርታ ጠየቀች።

ፊልሙ 8 ኦስካር ሲያገኝ እሷ በዕጩነት እንኳን አልቀረበችም። በዚያው ዓመት የምርጥ ተዋናይት ኦስካር የጁሊ አንድሩስ ሆነ፣ በ"ሜሪ ፖፒንስ"። ኦድሪ ግን በሥነ ሥርዓቱ ላይ ተገኝታ የምርጥ ተዋናዩን ሽልማት ለሥራ ባልደረባዋ ለሬክስ ሃሪሰን ሰጠች። ቀርታ ቢሆን ማን ይፈርድባት ነበር?

አን ፍራንክን እንድትጫወት ተጠይቃ ነበር?

አዎ፣ እምቢ አለች። አን ከናዚዎች ተደብቃ ሳለች ማስታወሻ የጻፈች አይሁዳዊት ልጅ ናት። ሁለቱም የተወለዱት በ1929 ነው፤ በወራት እንኳን ብዙ አይራራቁም። ሁለቱም በጀርመን በተያዘች ኔዘርላንድስ አደጉ። ማስታወሻው ከታተመ በኋላ ኦድሪ አንብባው ተሰብራለች፤ የራሷን ጎዳና፣ የራሷን ሰዎች ነው ያየችው። የአን አባት ኦቶ ፍራንክ ራሱ ሊያነጋግራት መጥቷል። አልቻለችም። በ1990 ግን ከማስታወሻው የተመረጡ ክፍሎችን ከኦርኬስትራ ጋር መድረክ ላይ አነበበች፤ ገቢው ለዩኒሴፍ ነበር።

ትዳሯስ?

ሁለት ጊዜ አግብታ ሁለት ጊዜ ፈታለች። መጀመሪያ አሜሪካዊውን ተዋናይ ሜል ፌረርን፣ ከ1954 እስከ 1968። ሾንን የወለደችው ከእሱ ነው። ከዚያ በፊት ጽንስ ከአንድ ጊዜ በላይ ጨንግፎባታል፤ አንዱ "ዘ አንፎርጊቭን" በተባለው ፊልም ቀረጻ ከፈረስ ወድቃ ጀርባዋ ከተሰበረ በኋላ ነው። ሁለተኛው ባሏ ጣሊያናዊው የአእምሮ ሐኪም አንድሪያ ዶቲ ነው፤ ሉካ የሚባል ልጅ ወልደዋል። ከ1980 ጀምሮ እስከ ዕለተ ሞቷ አብሯት የኖረው ደግሞ ደቹ ተዋናይ ሮበርት ዎልደርስ ነው። አልተጋቡም፤ በሰላም የኖረችው ግን ከእሱ ጋር ነው ይላሉ የሚያውቋት።

ጥሏት የሄደውን አባቷንም በ1960ዎቹ በቀይ መስቀል በኩል ደብሊን ላይ አገኘችው። ቀዝቀዝ አድርጎ ነው የተቀበላት። እሷ ግን እስኪሞት ድረስ ጦረችው።

በዝናዋ ጫፍ ላይ እያለች ፊልም ለምን ተወች?

ልጆቿን ለማሳደግ። በ1967 "ዌይት አንቲል ዳርክ" ላይ ዓይነ ስውር ሴት ሆና ተጫውታ ለአምስተኛ ጊዜ የኦስካር ዕጩ ሆነች። ከዚያ ወዲያ እስከ 1976 ድረስ አንድም ፊልም የላትም። አባት ጥሏት ያደገች ልጅ፣ የራሷን ልጆች ለሞግዚት ትታ ከአገር አገር መዞር አልፈለገችም። ከዚያ በኋላ የሠራቻቸው በጣት የሚቆጠሩ ናቸው፤ የመጨረሻው በ1989 የወጣው የስፒልበርግ ፊልም ነው።

እውነት ኢትዮጵያ መጥታ ነበር?

አዎ። በ1980 ዓ.ም.፣ በፈረንጆቹ ማርች 1988። ለዩኒሴፍ ያደረገችው የመጀመሪያው የመስክ ጉዞ የእኛ አገር ነው። ዕድሜዋ 59 ሊሆን ጥቂት ቀርቶት ነበር።

የ77ቱ ረሃብ ገና ከሰው አእምሮ ሳይወጣ ዝናብ እንደገና ቀርቷል። በሰሜን ጦርነቱ ተፋፍሟል። እሷ መቀሌ ሄዳ 500 ያህል የተራቡ ልጆች የሚኖሩበትን ማሳደጊያ ጎበኘች፤ ዩኒሴፍም ምግብ እንዲልክላቸው አደረገች። ምግብ ፍለጋ ለቀናት፣ አንዳንዶቹም ለሳምንታት በእግራቸው የተጓዙ እናቶችን ከነልጆቻቸው አየች። የዚያን ጊዜ ፎቶዎቿን ፈልጋችሁ እዩ። ጂቫንሺ የለም፣ ዕንቁ የለም። ተራ ሸሚዝ ለብሳ፣ ጸጉሯን ወደ ኋላ አስራ፣ ልጅ አቅፋ ነው የምታዩዋት።

ስትመለስ ልቤ ተሰብሯል አለች። ግን እዚያ ላይ አላቆመችም። ምግቡ አለ፣ ወደብ ላይ ተከምሯል፣ በጦርነቱ ምክንያት አይከፋፈልም አለች። ይህ ትልቅ ነገር ነው። በዚያን ጊዜ ብዙው የፈረንጅ ዜና ረሃቡን የሰማይ ቁጣ ብቻ አስመስሎ ነበር የሚያወራው። እሷ ግን የሰው እጅ እንዳለበት ተናገረች። ብዙም ሳይቆይ፣ ኤፕሪል ላይ፣ መንግሥት የውጭ ዕርዳታ ሠራተኞችን ከትግራይና ከኤርትራ አስወጣ። "ሦስተኛው ዓለም" የሚለውንም አባባል አልወደውም፣ ዓለም አንድ ናት ብላለች።

በረሃብ ፎቶ ብቻ መታወቅ የሚያመን ሕዝብ ነን፤ ቢያመንም ልክ ነን። ብዙ ዝነኞች መጥተው ፎቶ ተነስተው ሄደዋል። ኦድሪን ከእነሱ ጋር አልደምራትም። የጠገበ የተራበ ያለ አይመስለውም ይባላል፤ እሷ የተራበች ልጅ ምን እንደሚሰማት ታውቅ ነበር፣ ገንፎው ላይ ስኳር ያበዛችው እሷ ናት። ደግሞም ሥራውን አልተወችውም። ከኢትዮጵያ እንደተመለሰች አሜሪካና አውሮፓ እየዞረች በቀን እስከ 15 ቃለ መጠይቅ ትሰጥ ነበር። ካሜራ የምትፈራ፣ ስለ ራሷ ማውራት የማትወድ ሴት። ከዚያ በኋላ ሱዳን፣ ባንግላዴሽ፣ ቬትናም፣ የመካከለኛው አሜሪካ አገሮች ሄደች። የመጨረሻው ጉዞዋ ሴፕቴምበር 1992 ሶማሊያ ነበር።

ፌስቡክ ላይ በስሟ የሚዞረው "ውብ ከንፈር እንዲኖርሽ መልካም ቃል ተናገሪ" የሚለው ጥቅስ የእሷ ነው?

አይደለም። የአሜሪካዊው ጸሐፊ የሳም ሌቨንሰን ነው። እሷ ትወደው ነበር፣ ለልጆቿም አንብባላቸዋለች። ከዚያ ስሟ ላይ ተጣብቆ ቀረ።

ስንት ትልልቅ ሽልማት አገኘች?

ኦስካር፣ ቶኒ፣ ኤሚ፣ ግራሚ፤ አራቱንም። ይህን ያሟሉ ሰዎች ጥቂት ናቸው። ኤሚው ስለ ዓለም የአትክልት ሥፍራዎች ለሠራችው የቴሌቪዥን ፕሮግራም፣ ግራሚው ለልጆች ላነበበችው የተረት ቅጂ ነው። ሁለቱንም ሳታይ አልፋለች። በ1993 ደግሞ የኦስካር አካዳሚ ለሰብአዊ ሥራዋ የጂን ሄርሾልት ሽልማትን ሰጣት፤ የተቀበለው ልጇ ሾን ነው።

እንዴት ሞተች?

ከሶማሊያ ስትመለስ ሆዷን ያማት ነበር። ኖቬምበር 1992 ሎስ አንጀለስ ላይ ቀዶ ሕክምና ሲደረግላት ከትርፍ አንጀት የተነሳ ካንሰር ሆድ ዕቃዋ ውስጥ ተሰራጭቶ ተገኘ። ገናን በቤቴ ላሳልፍ አለች። በመንገደኛ አውሮፕላን መጓዝ ስለማትችል ጂቫንሺ የግል አውሮፕላን አፈላልጎ ወደ ስዊዘርላንድ እንድትሄድ አደረገ። ጃንዋሪ 20 ቀን 1993 ቶሎሼና በምትባለው የገጠር መንደር፣ በቤቷ አረፈች። 63 ዓመቷ ነበር። መቃብሯም እዚያው መንደር ውስጥ ነው።

ምንም ፊልሟን አላየሁም። ከየትኛው ልጀምር?

ከሮማን ሆሊደይ። ከዚያ "ቻሬድ"ን እዩ፤ 1963፣ ፓሪስ፣ ግድያና ሳቅ አብረው፣ ከኬሪ ግራንት ጋር።

ትወናዋን ማየት የሚፈልግ ግን "ዘ ነንስ ስቶሪ"ን አይለፈው። 1959 ነው። ቤልጂየማዊት መነኩሲት ሆና ትጫወታለች፤ ከፊሉ ኮንጎ ውስጥ፣ የዛሬዋ ኪሳንጋኒ ነው የተቀረጸው። ኮንጎ ያኔ የቤልጂየም ቅኝ ግዛት ነበረች፤ አፍሪካውያኑ ከኋላ ነው የሚታዩት፣ ይህን ይዛችሁ ግቡ። ኦድሪ ግን እዚህ ውስጥ ቀሚስም ጌጥም የላትም፤ ጸጉሯ እንኳን ተሸፍኗል። የቀራት ፊቷ ብቻ ነው። በዓይኗ ብቻ አንዲት ሴት ከቃል ኪዳኗ ጋር ስትታገል ታሳያለች። ለእኔ ከሥራዎቿ ሁሉ ትልቁ ይህ ነው። ታሪኩ የተመሠረተባት የቀድሞ መነኩሲትም ነርስ ነበረች፤ ኦድሪ ከፈረስ ወድቃ ጀርባዋ ሲሰበር ያስታመመቻት እሷ ናት።

ትዳር ውስጥ ቆየት ያላችሁ "ቱ ፎር ዘ ሮድ"ን፣ 1967፣ ሁለታችሁ ሆናችሁ እዩት። ከልጆች ጋር ከሆነ ግን ሮማን ሆሊደይ ይሻላል፤ ቪዲዮውን እያቆማችሁ የምትዘሉት ነገር የለውም።